ከድብ ባሕር ያልመጣው ልጅ

ይህን ለማንም አልተናገርሁም። ባለቤቴ እኩሌታውን ያውቅ ነበር፤ እኩሌታውን ሳያውቅ ዐረፈ። ለነፍስ አባቴም አልተናገርሁም። በየጾሙ ፊታቸው ተንበርክኬ ትንንሹን ኃጢአቴን ስዘረዝር ይህኛው ከምላሴ ሥር ይቀራል። እሳቸው ያን ቀን ሜዳው ዳር ቆመው ጋቢያቸውን እያውለበለቡ ደስ ያላቸው ሰው ናቸው፤ ደስታቸውን እንዴት ብዬ ልንጠቃቸው? እንዲህ እያልሁ ሃያ ዓመት ሊሞላ ነው። ሰበብ እንደ ሆነ አውቀዋለሁ። የሳሳሁት ለእሳቸው ደስታ አልነበረም፤ ለራሴ ስም ነበር።

ስለዚህ ዛሬ የምናዘዘው ለእናንተ ለምታነቡት ነው።

እኔ ድብ ባሕር ተወልጄ ቁስቋም የተዳርሁ ሴት ነኝ። አባቴ መሪጌታ ነበሩ፤ ሴት ናት ሳይሉ ፊደል አስቆጥረውኛል። ይህን መጻፍ የቻልሁት በእሳቸው ነው፤ ነፍሳቸውን ይማርልኝ።

ቁስቋምና አራዳ፣ ጎረቤታሞቹ ሰፈሮች፣ በየዓመቱ በልደት ቀን ገና ይጫወታሉ። ጫፉ በቆለመመ ዱላ፣ ጥንግ የምንላትን ከጠፍር የተገመደች ኳስ እየመቱ ከባላጋራ ድንበር ማሳለፍ ነው ጨዋታው። በሌላ ቀን ሰው ሰውን ቢሰድብ ዳኛ ፊት ይቆማል። በዚያ ቀን ግን አሽከር ጌታውን ቢሰድብ ጌታው አይቆጣም፤ ወጉ ነው። ሰው ዓመቱን ሙሉ በሆዱ የያዘውን ሁሉ ያን ዕለት ያወጣዋል። የአራዳ ልጆች የሱቅና የቢሮ ልጆች ናቸው፤ ጫማ አላቸው። እኛ የካህንና የገበሬ ወገን ነን። ያለን ደብራችንና ከደብራችን አጠገብ የፈረሰው ቤተ መንግሥት ነው። ሦስት ዓመት በተከታታይ አሸነፉን፤ ሲያሸንፉን እንዲህ ብለው ዘፈኑብን፦

ቁስቋም ምን አለው ከድንጋይ በቀር፣
ገናውን ጥሎ ወደ ቤቱ ሲበር።

ይህን ልጆች እስከ ፋሲካ ያንጎራጉሩት ነበር። ገበያ ስንወርድ ጨው የሚሰፍርልን ነጋዴ ሳይቀር እየሰፈረ ያዜመው ነበር። ጨዋታ ነው ትሉ ይሆናል። ጨዋታ ቢሆን ኖሮ ትልልቅ ወንዶች ወደ አራዳ በሚወስደው መንገድ መሄድ ትተው በወንዙ በኩል ይዞሩ ነበርን?

ባለቤቴ ታፈረ የቁስቋም ወገን መሪ ነበር። ሦስት ዓመት ሲሸነፍ ሦስት ዓመት ጎበጠ። እኔ ደግሞ ከተዳርሁ አምስት ዓመቴ ነበር፤ እግዚአብሔር ልጅ አልሰጠኝም ነበር። እሱ በሜዳው፣ እኔ በቤቴ፣ ሁለታችንም አንገታችንን የደፋን ሰዎች ነበርን። ይህን የጻፍሁት እንድታዝኑልኝ አይደለም። ያን ልጅ በምን ዓይን እንዳየሁት እንድታውቁ ነው።

በኅዳር፣ ክረምት ያፈረሰውን የቤታችንን ግንብ ሊሠሩ ሁለት ግንበኞች መጡ፤ አንድ ሽማግሌና የወንድሙ ልጅ። ከወንዙ ማዶ ካለው መንደር ናቸው፤ ቤተ እስራኤል። ያን ጊዜ በምን ስም እንጠራቸው እንደ ነበር የሚያውቅ ያውቃል፤ እዚህ አልጽፈውም። እኛ ዓይናቸውን እንፈራ ነበር። እነሱ ንክኪያችንን ይሸሹ ነበር። ከእኛ ጋር የተነካካ ሰው ገላውን ሳይታጠብ መንደራቸው አይገባም፤ ከእኛ ማዕድ የበላማ ነገሩ ይከብድበታል። የልጁ እናት ወይዘሮ ትርንጎ ሸክላ ይሸጡልኝ ነበር። እንስራውን መሬት ላይ አስቀምጠው ፈቀቅ ሲሉ እኔ ከመሬት አነሣዋለሁ። በዕድሜ እናቴን ያህሉ ነበር። እኔ ግን «አንቺ» እላቸው ነበር፤ እሳቸው «እሜቴ» ይሉኝ ነበር።

ልጁ አዳነ ይባላል። ዐሥራ ስምንት ዓመት ቢሆነው ነው።

አንድ ቀን ቀትር ላይ ግንበኞቹ ሲያርፉ የሰፈራችን ልጆች ከአጥር ውጭ ጥንግ ይማቱ ነበር። ጥንጓ አጥር ዘላ ግቢያችን ወደቀች። አዳነ ከማገዶው ክምር አንድ ቆልማማ እንጨት መዘዘ፣ ቆመ፣ መታት። ከጥዶቹ በላይ አልፋ ስትሄድ አየኋት፤ የት እንደ ወደቀች ግን አላየሁም። ልጆቹ እሷን ፍለጋ ሲሮጡ ታፈረ ደጃፍ ላይ አፉን ከፍቶ ቀርቶ ነበር።

«ማን አስተማረህ?» አለው።

«እኛም እንጫወታለን እኮ፣ አያ ታፈረ። ክረምት ወጥቶ መስኩ ሲደርቅ። ለልደት አይደለም እንጂ ጥንግማ ያችው ጥንግ ናት።»

«ወይ ነዶ! ምነው ክርስቲያን አድርጎ በፈጠረህ!»

«አያ ታፈረንስ ምነው ግንበኛ አድርጎ በፈጠረዎ» አለ ልጁ፤ «ግንቡ ባልወደቀ።»

አጎቱ ደንግጦ ሊገሥጸው ሲል ታፈረ በሳቅ ፈረሰ። እኔም ሳቅሁ። በቤታችን ከሳቅን ስንት ጊዜያችን ነበር!

አሁን ስሙኝ። ሐሳቡ የታፈረ አይደለም። ሰው ቢያውቅ ኖሮ በታፈረ ይፈርድ ነበር፤ እሱ ግን ተመኝቶ ብቻ ትቶት ነበር። ያን ዕለት እራት ላይ የተናገርሁት እኔ ነኝ።

«ከድብ ባሕር የመጣ የእህቴ ልጅ ነው ብንልስ?» አልሁት።

«አብደሻል? ሰው አያውቀውም?»

«ፊቱን ማን አይቶታል?»

እውነቴን ነበር። ዐሥር ቀን ሙሉ ግንባችን ላይ ወጥቶ ሲሠራ ሰፈርተኛው ሁሉ በሥሩ አልፏል። የግንበኛ ፊት የሚያይ ማንም አልነበረም። እኔ ይህን አወቅሁ፤ አውቄም ላለቅስበት ሲገባኝ መሣሪያ አደረግሁት።

አዳነ ስንነግረው ከመዳፉ ላይ የደረቀ ጭቃ በጥፍሩ ፋቀ። ከዚያ «እማየ እንዳትሰማ። አባየም» አለ።

«ለአንድ ቀን ነው» አልሁት።

ፈቅዶ ነው ማለት እችላለሁ። አልልም። ሌላ ቀን ከቁስቋም ልጆች ጋር አንድ ሜዳ ላይ ሊቆም የማይፈቀድለትን ልጅ «ትጫወታለህ?» ብሎ መጠየቅ፣ የተጠማን ሰው «ትጠጣለህ?» ከማለት በምን ይለያል? ለአጎቱ «የበረቱ ግንብ ቀርቷል፣ እሱን ጨርሼ እመጣለሁ» አለው። ሽማግሌው ብቻውን ተመለሰ።

ስሙን መለወጥ አላስፈለገንም። አዳነ እኛም ዘንድ አለ፣ እነሱም ዘንድ አለ። የቀረው አንገቱ ነበር። አንገቱ ባዶ የሆነ ልጅ ቁስቋም ውስጥ ሦስት እርምጃ አይሄድም። ጥቁር ክር ገመድሁና ማተብ አሰርሁለት። ያልተጠመቀ ልጅ፣ የሌላ እናት ልጅ፣ በገዛ እጄ ማተብ አሰርሁለት።

«ይህ ክር ምን ያደርጋል?» አለኝ።

«ዝም ያሰኛቸዋል» አልሁት።

እመቤቴ ሆይ፣ እምነቴን ለዚህ አዋልሁት፤ ሰውን ዝም ለማሰኘት።

እስከ ልደት ሦስት ሳምንት ተቀመጠ። ጾም ስለ ነበር ሥጋና ቅቤ ከቤታችን አልነበረም፤ ያም ሆኖ ከእኛ ምግብ አልቀመሰም። ሽምብራውን በራሱ ገል ቆልቶ ይበላ ነበር። ሰው ሲጠይቅ «ተስሎ ነው» አልሁ። በየቀኑ ከልጆቹ ጋር ልምምድ ይወጣል። ትከሻ ለትከሻ እየተጋጩ፣ እየወደቁ፣ እየተነሡ ላባቸው ይቀላቀላል፤ በዚህ የሞተ ማንም የለም። ፀሐይ ሲያዘቀዝቅ ግን ብቻውን ወንዝ ይወርድና ገላውን ይታጠባል። በታኅሣሥ ብርድ! ጥርሱ እየተንቀጫቀጨ ሲመለስ እሳት አንድጄ እጠብቀዋለሁ። እሳቱን ከሩቅ ይሞቅና «አክስቴ፣ ዛሬ እኮ የደብተራውን ልጅ ሦስት ጊዜ አለፍሁት» ይለኛል።

አክስቴ። ሰው ፊት እንዲለኝ ያስተማርሁት ነበር። ሰው በሌለበትም ይለኝ ጀመር። እግዚአብሔር ከዚያ ወዲህ አራት ልጆች ሰጥቶኛል፤ ስሙ የተመሰገነ ይሁን። አራቱም «እማየ» ብለውኛል። ያችን «አክስቴ» ግን ዛሬም ፀሐይ ሲያዘቀዝቅ እጠብቃታለሁ። ዕድሜዬን ሙሉ ሳመሰግን የኖርሁ ሴት ነኝ፤ ያልተሰጠኝን ነገር መናፈቅ የለብኝም ነበር። እናፍቃለሁ።

የልደት ዕለት ሜዳው ሞላ። ጨዋታውን አላወራላችሁም፤ ቁስቋም ውስጥ ያላወራው ሰው የለም። ፀሐይ ሳታዘቀዝቅ አዳነ ጥንጓን ከሜዳው እኩሌታ መትቶ በአራዳ ልጆች ራስ ላይ አሳለፋት። በቃ። ሽማግሌዎች ሲዘሉ አየሁ። የነፍስ አባቴ ጋቢያቸውን አውለበለቡ። ታፈረ መሬት ላይ ተቀምጦ እንደ ሕፃን አለቀሰ። ግጥሙን ያወጣሁት እኔ ነበርሁ፤ ሴቶቹ ከአፌ ተቀበሉኝ፦

ክፈት ሱቅህን፣ አራዳ፣ ጨርቅ አምጣ፤
የቁስቋም ክንድ ነው እንባህን ያመጣ።

የቁስቋም ክንድ! ይህን ስል አላፈርሁም። ይባስ ብሎ ያን ጊዜ አመንሁት።

አንድ የአራዳ ጨርቅ ነጋዴ፣ ወፍራም፣ ተሸንፎም የሚስቅ ሰው፣ መጥቶ አዳነን ዙሪያውን አየው። «ምነው ታፈረ፣ ምን ቀለብ ሰጥታችሁት ነው? ይህ ክንድ የሰው ነው ወይስ የጅብ?»

ሰው ሁሉ ሳቀ። አዳነ አልሳቀም። ስለ ወገኖቹ ምን እንደሚወራ ያውቃል፤ ማታ ማታ ጅብ ይሆናሉ ነበር የምንለው። እኔ አየሁት፤ ሳቄን ግን ከሰው ጋር ጨረስሁ።

ለአሸናፊው በሬ ታርዶ ነበር። ታፈረ ሻኛውን ቆረጠና ከሽማግሌ በፊት፣ ከካህን በፊት፣ ለአዳነ ሰጠው። ልጁ ሥጋውን በእጁ ይዞ ቆመ። መቶ ሰው ያየዋል። እሱ ግን ወደ ሴቶቹ ዞሮ እኔን ፈለገ። በዓይኑ ጠየቀኝ። «ሆዱን አሞታል» ማለት እችል ነበር። ሦስት ሳምንት የዋሸሁ ሴት አንድ ውሸት እንዴት አጣሁ? አላጣሁም። እንዲበላ ፈለግሁ። ከበላ መመለሻው ይርቃል፤ መመለሻው ከራቀ የእኔ ይሆናል። እንዲህ ብዬ በቃል አላሰብሁትም፤ ልቤ ግን አስቦታል። ራሴን ነቀነቅሁለት። በላ።

ገና ሁለተኛውን ሲጎርስ ሕዝቡ ዳር ዳሩን ተከፈለ። ወይዘሮ ትርንጎ ነበሩ። ቤቴ ሄደው ሰው አጥተው፣ ጩኸቱን ተከትለው ነው የመጡ። ማንንም ላለመንካት ነጠላቸውን በሁለት እጃቸው ሰብስበው ይዘዋል። ትንፋሽ አጥሯቸዋል።

«አዳነ! አዳነ፣ ልጄ! አባትህን አሞታል። ልጄን ጥሩልኝ እያለ ነው። ና፣ ተነሥ።»

ያ ነጋዴ ብቻ «ይችማ እንስራ ሻጯ አይደለችም? ምን ትላለች?» አለ። ሳቁ ከፊቱ አልጠፋም፤ ዓይኑ ግን ከእሳቸው ወደ አዳነ፣ ከአዳነ ወደ እኔ ይሄድ ጀመር።

ታፈረ ወደ እኔ ዞረ። መናገር ያለብኝ እኔ ነበርሁ፤ የጀመርሁትም እኔ ነኝና። ተናገርሁ።

«ተሳስተሻል» አልሁ። «ይህ የእህቴ ልጅ ነው። ከድብ ባሕር ነው የመጣው።»

የታመመ ባል ቤት ትታ የመጣችን እናት፣ ልጇ ፊት ቆሜ፣ ልጅሽ አይደለም አልኋት። ይህን አደረግሁ። እኔ አደረግሁት። ልጁን እንዳይደበድቡት ፈርቼ ነው ብዬ ራሴን ብዙ ዓመት አባብያለሁ። ፍርሃቱም ነበር፣ እውነት ነው። ግን ያን ቃል ስናገር ድምፄ አልተንቀጠቀጠም። የፈራ ሰው ድምፁ ይንቀጠቀጣል።

ወይዘሮ ትርንጎ የልጃቸውን አንገት አዩ። እጁን አዩ። በእጁ የያዘውን አዩ። ከዚያ ዙሪያውን የቆመውን ሰውና በየሰው እጅ ያለውን የገና ዱላ አዩ።

«እውነትዎን ነው፣ እሜቴ» አሉ። «ዓይኔ ደክሟል። የኔ ልጅ ይህን አይበላም።»

ዞረው ሄዱ። ሕዝቡ እንደገና መዝፈን ጀመረ።

ሁለት ሴቶች ስለ አንድ ልጅ ንጉሥ ፊት የቆሙበት ታሪክ በቤተ ክርስቲያን ሲነገር አንገቴን ደፍቼ እወጣለሁ። ልጁ እንዳይሞት ብላ «የእሷ ነው» ያለችው ናት እናቱ። ያን ቀን ሜዳው ላይ ማን እንዲህ እንዳለ እናንተ ሰምታችኋል።

አዳነ ትንሽ ቆየ። ከዚያ ሰው ሳያስተውለው ከሕዝቡ ወጣና የእናቱን መንገድ ተከተለ። ለሰው «እህቴ አስቸኩላ አስጠራችው» አልሁ።

በሦስተኛው ቀን አጎቱ ቤታችን የቀረውን መዶሻውን ሊወስድ መጣ። ደጅ ላይ ቆሞ፣ ዓይኔን ሳያይ፣ የሆነውን ነገረኝ። አዳነ አባቱ ቤት አልገባም። ክርስቲያን ያረደውን ሥጋ የበላ ሰው ሰባት ቀን ከመንደር ውጭ ይቀመጣል፤ ራሱን ተላጭቶ፣ ሽምብራና ውኃ ብቻ እየቀመሰ፣ በወንዝ እየታጠበ። ልጁ ወንዙ ዳር ጎጆ ውስጥ ነው። አባትዮው አልጋ ላይ ሆነው ቀኑን ይቆጥራሉ። «ንጹሕ ሆኖ ይግባልኝ፤ እጄን ራሱ ላይ ጭኜ እመርቀዋለሁ፤ እስከዚያ አልሞትም» ብለዋል።

እህል አልወርድ አለኝ። ሁለት ቀን አለቀስሁ። በአምስተኛው ቀን፣ እሑድ፣ ቅዳሴ ሲወጣ ለታፈረ ሳልናገር ወደ ወንዙ ሄድሁ። ከመንገድ ድንጋይ አነሣሁና ማጅራቴ ላይ ጫንሁ። የእኛን ወግ ታውቃላችሁ። በዳይ ድንጋይ ተሸክሞ፣ ራሱን ዝቅ አድርጎ ይመጣል። ተበዳይ «ሂድ፣ አልይህ» ይላል። በዳይ አይሄድም። በተከለከለ ቁጥር ይጠጋል፤ እግር ላይ ይወድቃል፤ ድንጋዩን እስኪያወርዱለት እግር አይለቅም። ይቅርታ እንዲህ እንደሚለመን ነው ያደግሁት።

ወንዙ ማዶ ጎጆዋ አለች። አዳነ ራሱን ተላጭቶ ደጃፏ ላይ ተቀምጧል፤ አንገቱ ባዶ ነው። እናቱ ፈንጠር ብለው ከድንጋይ ላይ ተቀምጠዋል። ሲያዩኝ ብድግ አሉ።

«አትሻገሪ!»

ከዚያ ቀን በፊት «አንቺ» ብለውኝ አያውቁም። በቁጣ ነው አልሁ። ይቆጡኝ፣ ይገባኛል አልሁ። እግሬን ውኃው ውስጥ አስገባሁ።

«አትሻገሪ እባክሽ! ባለሽበት ሁኚ!»

ደግሞ ተጠጋሁ። ወጌ ነዋ! አዳነ ተነሥቶ ወደ ኋላ ሸሸ፣ ጀርባው ከጎጆዋ ግድግዳ ጋር ተጋጨ። ሮጬ እግሩ ላይ ወደቅሁ። ሁለት እግሩን አቀፍሁ፣ ሳምሁት። «ይቅር በለኝ ልጄ» እያልሁ አለቀስሁ። ድንጋዩን የሚያወርድልኝ እጅ ጠበቅሁ።

የመጣ እጅ የለም። ቀና ስል ወይዘሮ ትርንጎ መሬት ላይ ተቀምጠው ነበር። አላለቀሱም። ጣታቸውን ያዩ ነበር።

«አምስት ነበር» አሉ። «አሁን አንድ ነው።»

አዳነ «እማየ፣ እሷ አታውቅም» አላቸው። ለእኔ ሲሟገት! እግሮቹን ከእጄ ቀስ ብሎ አወጣና ወደ ወንዙ ወረደ። ከነልብሱ ውኃው ውስጥ ገባ።

አባትዮው በስምንተኛው ቀን ሞቱ።

ሰባቱ ቀን በእኔ ንክኪ ተሰብሮ እንደገና ከአንድ ባይቆጠር ኖሮ አንድ ቀን ከአባቱ ጋር ይውል ነበር። የሆነውን ኋላ ከአጎቱ ሰማሁ። ልጁን ከግድግዳው ውጭ አቁመውት አባቱ ከውስጥ መርቀውታል። ድምፃቸውን ሰምቷል። እጃቸው ግን ራሱ ላይ አላረፈም።

ሜዳው ላይ የሠራሁትን ክፉ ለራሴ ብዬ ሠራሁት። ወንዙ ዳር የሠራሁትንስ? እሱንም ለራሴ ነበር። ይቅርታውን የፈለግሁት ልጁ እንዲቀልለው አልነበረም፤ ድንጋዩ ከእኔ ላይ እንዲወርድ ነበር። ሴትዮዋ በሚሰማ ድምፅ «አትሻገሪ» ብለውኛል። ሁለት ጊዜ። የእኛን ወግ ይከተሉ ብዬም አላሰብሁም፤ የእነሱም ወግ እንዳለ ግን ለመጠየቅ አልቆምሁም። «ምነው?» ብል ኖሮ ይነግሩኝ ነበር። አንዲት ቃል ነበረች።

ወይዘሮ ትርንጎ ከዚያ ወዲህ በደጄ አላለፉም። አዳነን አንድ ጊዜ አይቼዋለሁ። አራዳ ውስጥ አዲስ ቤት ሲሠራ ከግንቡ ላይ ነበር፤ ጢም አውጥቷል። መንገዱ ማዶ ቆምሁ። ዞሮ አየኝ። እጁን ወደ ግንባሩ አነሣ። እጅ ነሥቶኝ ነው? ወይስ ፀሐይዋን ከዓይኑ ሊከልል? አላወቅሁም። ከቆምሁበት አልተንቀሳቀስሁም። ጎንበስ ብዬ እጅ ነሣሁና ሄድሁ። ያን ቀን ብቻ ትክክል የሠራሁ ይመስለኛል።

ቁስቋም ግን አዳነን አልረሳውም። «የድብ ባሕሩ አዳነ» ይለዋል። ልጆች ጥንግ ሲማቱ «እኔ አዳነ ነኝ!» «አይ፣ እኔ ነኝ!» እየተባባሉ ይጣላሉ። የገዛ ልጆቼ በዘመዳቸው ሲኮሩ ሰምቼ ዝም ብዬ ኖርሁ።

ዛሬ የምጽፈው ባለፈው ሳምንት በሆነ ነገር ነው። የመጨረሻው ልጄ ከትምህርት ቤት መጣ። አሁን ጨዋታው እግር ኳስ ሆኗል፤ ቁስቋምና አራዳ ግን እንደ ድሮው ናቸው። አንድ ልጅ ከእነሱ ጋር ልሰለፍ ብሎ ነበር አሉ፤ አባቱ ሸማኔ ነው፣ ከወንዙ ማዶ።

«ከለከልነው» አለኝ ልጄ።

«ምነው? አይችልም?»

«ይችላል። ግን እማየ፣ ለቁስቋም የሚሰለፈው የቁስቋም ደም ነው። አዳነ የተጫወተበት ሜዳ እኮ ነው!»

ምግቡን አቀረብሁለት። በላ፤ አመሰገነ፤ ሸጋ ልጅ ነው። ይህን ያስተማርሁት እኔ ነኝ። አንድም ቀን በአፌ አላስተማርሁትም፤ በዝምታዬ ግን አስተማርሁት።

ይህን ወረቀት መጀመሪያ የሚያነበው እሱ ነው። ቀጥሎ ለነፍስ አባቴ እወስደዋለሁ። ቁስቋም ያን ዓመት በራሱ ክንድ አላሸነፈም፤ አራዳም ይወቀው፤ ይዝፈንብን። የሰፈሬ ሰው ፊቱን ቢያዞርብኝ አልከራከርም።

ከአዳነና ከእናቱ ግን ይቅርታ አልለምንም። አንድ ጊዜ ለምኛቸው ምን እንዳስከፈላቸው ጽፌዋለሁ። ወንዙንም አልሻገርም። ወይዘሮ ትርንጎ በሕይወት ይኑሩ አይኑሩ አላውቅም። ቢኖሩና ይህን የሚያነብላቸው ሰው ቢገኝ፣ ያን ቀን ሜዳው ላይ፣ በሰው ሁሉ ፊት፣ ልጃቸውን ሲጠሩ ልመልስ የሚገባኝን ብቻ ልመልስ፦

አዎን፣ እናቴ፣ ልጅዎ ነው። አዳነ፣ ሂድ፤ አባትህ ይጠሩሃል።